ስለ ብቸኝነትና ስለ ሰው ናፍቆት የሚተርክ ድምፅ አልባ አጭር ፊልም እንዴት ይሠራል?

ብቸኝነትን በፊልም ለማሳየት የሚነሣ ሰው ብዙውን ጊዜ የሚጀምረው መስኮት አጠገብ ተቀምጦ ዝናብ ከሚመለከት ሰው ነው። ምስሉ ሊያምር ይችላል፤ ይሁን እንጂ ከአንድ ደቂቃ በላይ አያራምድም፤ ተቀምጦ የሚያዝን ሰው ተመልካቹ «ቀጥሎ ምን ያደርግ ይሆን?» ብሎ እንዲጠይቅ አያስገድደውምና። ድራማው የሚጀምረው ብቸኛው ሰው ወደ ሌላ ሰው ለመድረስ አንድ ነገር ሲያደርግ ነው፤ ያውም በአብዛኛው የተሳሳተ፣ የሚያሳፍር ወይም ከንቱ የሆነ ነገር። ስለዚህ ከዚህ በታች ያለው ምክር ሁሉ በአንድ እምነት ላይ የቆመ ነው፤ ካሜራው ናፍቆትን ይከተል፤ ብቸኝነቱን ተመልካቹ ራሱ ይደርስበታል። ብቸኝነት ሁኔታ ሲሆን ናፍቆት ግን ሰውን ያንቀሳቅሳል፤ ድምፅ የሌለው ፊልም ደግሞ ከእንቅስቃሴ ሌላ መናገሪያ የለውም።

ምክሩ የታሰበው ከ8 እስከ 12 ደቂቃ ለሚረዝም፣ በሁለት ተዋንያንና በአንድ ዋና ቦታ ለሚሠራ አጭር ፊልም ነው። ለረዘመ ሥራም ቢሆን መሠረቱ አይለወጥም፤ ነገር ግን ለመጀመሪያ ጊዜ ያለ ንግግር ለሚሠራ አዘጋጅ ይህ መጠን በቂ ፈተና ነው።

ዝምታን የሚችል ታሪክ

ከአንድ ተራ ድራማ ላይ ንግግሩን ቀንሶ ድምፅ አልባ ፊልም ማግኘት አይቻልም፤ የሚገኘው ድምፁ የተበላሸ ፊልም ነው። ተመልካቹ የተዋንያኑን ከንፈር እያየ የሚሉትን ባለመስማቱ ከተቸገረ ታሪኩ ከመነሻው በትክክል አልተመረጠም ማለት ነው። በስልክ ጥሪ፣ በአፍ በተሰጠ ቃል፣ ወይም ከዓመታት በፊት በተፈጸመና አንድ ሰው ቁጭ ብሎ ሊያስረዳው በሚገባ ምስጢር ላይ የቆመ ታሪክ ለሌላ ጊዜ ይቆይ። በዚህ ረገድ የብቸኝነት ጉዳይ ከብዙዎች ይመቻል። ብቻውን የሚኖር ሰው የሚያናግረው የለውምና፣ ዝምታው አዘጋጁ ከውጭ የጫነበት ሕግ መሆኑ ይቀርና የገዛ ሕይወቱ መልክ ይሆናል።

ዋናው ገጸ ባሕርይ በእጁ የሚሠራው ሥራ ቢኖረው በብርቱ እመክራለሁ። ፊት ሐዘንን ሊያስመስል ይችላል፤ እጅ ግን ለማስመሰል ይቸገራል፤ ሥራ የለመደ እጅ ሲያመነታ ደግሞ ተመልካቹ ወዲያውኑ ያውቀዋል። አንድ ምሳሌ እንውሰድና እስከ መጨረሻው ይዘነው እንሂድ። በዕድሜ የገፋ ልብስ ሰፊ በጠባብ ስፌት ቤቱ ብቻውን ይሠራል። አንዲት ሴት አዝራሩ የተበጠሰ ካፖርት ታመጣለች። ሰውየው አዝራሩን በጥንቃቄ ይሰፋዋል፤ ሥራው እንከን የለበትም። ማታ መብራቱን ሊያጠፋ ሲል ካፖርቱን ያየዋል፤ ይመለስና በመቀስ ጫፍ ክሩን ይበጥሰዋል። በማግሥቱ ሴትዮዋ ስትመጣ ሥራው አላለቀም፤ ነገ መመለስ አለባት።

በዚህ ታሪክ ውስጥ አንድም ቃል አያስፈልግም። ሰውየው ምን እንደሚፈልግ፣ ከማን እንደሚፈልግና ለምን በቀጥታ ሊጠይቅ እንደማይችል ክሩ ሲበጠስ ይታወቃል። ታሪኩን ለመፈተን የሚበጀውም መንገድ ይኸው ነው፤ የፊልሙን ፍሬ ነገር በአንድ አረፍተ ነገር ጽፎ፣ የአረፍተ ነገሩ ግሥ በዓይን የሚታይ መሆኑን መመርመር። «አንድ ሽማግሌ ጓደኛ ይናፍቃል» የሚለው ገና ፊልም አልሆነም። «አንድ ልብስ ሰፊ ደንበኛው እንድትመለስ ሲል የሰፋውን ይተረትራል» የሚለው ግን ሊቀረጽ ይችላል።

እዚህ ላይ ቸል ሊባል የማይገባ ጉዳይ አለ። ሰውየው ሴትዮዋን እያታለላት ነው፤ ጊዜዋንም እየወሰደባት ነው። ፊልሙ ይህን ማወቅ አለበት። ብቸኝነት ያሳዝናል ተብሎ ብቸኛው ሰው የሚያደርገው ሁሉ ጣፋጭ ሆኖ ከቀረበ ሌላኛዋ ሰው የእርሱ መድኃኒት ብቻ ሆና ትቀራለች፤ ብዙ የዚህ ዓይነት ፊልሞች ደካማ የሚሆኑትም በዚሁ ነው። ስለዚህ ለሁለተኛዋ ገጸ ባሕርይ እርሱ የማያያት ጊዜ ይሰጣት። ለምሳሌ ከስፌት ቤቱ ወጥታ ጥቂት እንደተራመደች ትቆማለች፤ ወዴት እንደምትሄድ ያልወሰነች ትመስላለች፤ ወደ መስኮቱ ዘወር ብላ ታያለች፤ ከዚያ በኋላ ትሄዳለች። ይህ ግማሽ ደቂቃ አይሞላም፤ ነገር ግን እርስዋም ለመመለስ የራስዋ ምክንያት እንዳላት ይናገራል፤ መጨረሻ ላይ የምትወስነው ውሳኔም የራስዋ እንዲሆን ያደርጋል።

ስክሪፕቱ

ስክሪፕቱ ውስጥ የሚገባ እያንዳንዱ አረፍተ ነገር ካሜራ ሊያየው የሚችል መሆን አለበት። «ሴትዮዋ እንዳትቀርበት ይሰጋል» ተብሎ ከተጻፈ ተዋናዩም ሆነ ካሜራ ማኑ የሚይዘው ነገር አያገኝም። «በደጅ የሰው ጥላ ባለፈ ቁጥር መርፌውን ያቆማል» ተብሎ ሲጻፍ ስጋቱ ራሱ ተቀረጸ ማለት ነው። በንግግር ለተሞላ ስክሪፕት አንድ ገጽ አንድ ደቂቃ ያህል ይሆናል የሚለው የተለመደ ስሌት እዚህ አይሠራም፤ «ካፖርቱን አጣጥፎ ያስቀምጣል» የሚለው አጭር መስመር ግማሽ ደቂቃ ሊወስድ ይችላልና። ከቀረጻው በፊት ትዕይንቱን በቁም እየተወኑ በሰዓት መለካት ይሻላል።

ዕቃና ቦታ

በድምፅ አልባ ፊልም ውስጥ ዕቃ የንግግርን ያህል ይሠራል፤ ስለዚህ ጥቂት ዕቃ ይመረጥና ደጋግሞ ይታይ፤ በታየ ቁጥርም አንድ ነገር ይለወጥበት። በምሳሌያችን ካፖርቱና አዝራሩ ታሪኩን ይሸከማሉ። ብቸኝነቱን የሚሸከመው ግን ሌላ ዕቃ ነው፤ እርሱም የእንግዳ ወንበር ነው።

ሴትዮዋ መጀመሪያ ስትገባ በቤቱ ውስጥ ያለው ትርፍ ወንበር ቁርጥራጭ ጨርቅ ተከምሮበታል፤ ቆማ ካፖርቱን ሰጥታ ትሄዳለች። በሁለተኛው ቀን ጨርቁ ተነሥቷል፤ ወንበሩ ግን ግድግዳውን ተጠግቶ እንዳለ ነው። በሦስተኛው ቀን ወደ ሥራ ጠረጴዛው ቀርቧል፤ መቀመጫውም ላይ በአራት የታጠፈ ወፍራም ጨርቅ ተነጥፎበታል፤ የጨርቁ ጠርዝ ተቀምቅሟል። ማንም ስለ ወንበሩ ምንም አይልም፤ ካሜራውም እየቀረበ አያመለክተውም፤ በእያንዳንዱ ቀን መክፈቻ በተመሳሳይ ሰፊ ሾት (ቤቱን በስፋት በሚያሳይ ቀረጻ) ውስጥ ይታያል፤ ያ ይበቃል። ተመልካቹ ያን ወንበር ራሱ ሲያገኘው የሚሰማው ነገር በክሎዝ አፕ (በጣም ቀርቦ በተነሣ ምስል) ከተነገረው በብዙ እጥፍ ይበልጣል። ሰውየው ወንበሩን ሲያስጠጋና ጨርቁን ሲቀመቅም ባናሳይ ይመረጣል፤ ሌሊቱን ሲደክም እንዳደረ ጠርዙ ላይ ያለው ስፌት ይናገራል።

ቻርሊ ቻፕሊን እ.ኤ.አ. በ1925 በሠራው «የወርቅ ጥድፊያ» ውስጥ ለአዲስ ዓመት ዋዜማ እንግዶች የሚጠብቀው፣ ቻፕሊን ራሱ የሚተውነው ትንሹ ሰው ገበታውን አሰናድቶ ይጠብቃል፤ እንግዶቹ ግን አይመጡም። ትዕይንቱን ደጋግሞ ላጠና ሰው ግልጽ የሚሆነው ልብ የሚነካው መቅረታቸው ብቻ አለመሆኑ ነው። አስቀድሞ ዝግጅቱ ስለታየ፣ እያንዳንዱ ነገር ለማን እንደተቀመጠ ስለታወቀ ነው ባዶው ቦታ የሚከብደው። ሰው ሊጎድል የሚችለው አስቀድሞ ቦታ ሲዘጋጅለት ነው።

ሰውን በፍሬም ውስጥ ማስቀመጥ

ብቸኛን ሰው በሰፊ ባዶ ሜዳ መካከል ማቆም የታወቀ መንገድ ነው፤ ኃይሉ ግን በመለመዱ ምክንያት ተሟጥጧል። ሕዝብ መካከል ያለ ብቸኝነት ይበልጥ ይጎዳል። ኪንግ ቪዶር እ.ኤ.አ. በ1928 በሠራው «ሕዝቡ» በተሰኘው ፊልም ካሜራው የአንድ ሰማይ ጠቀስ ሕንፃን ግድግዳ እየወጣ ሄዶ በመስኮት ይገባል፤ በውስጡም መስመር ይዘው የተደረደሩ እጅግ ብዙ ጠረጴዛዎች አሉ፤ ዋናው ሰው ከእነዚያ በአንዱ ላይ የተቀመጠ ነው። ለትንሽ ፊልም ሕንፃም ሕዝብም አያስፈልግም። የስፌት ቤቱ መስኮት የሚያልፉ ሰዎችን ጥላ በሰውየው ጠረጴዛ ላይ እንዲጥል ተደርጎ መብራት ከተተከለ ዓለሙ ሁሉ በአጠገቡ እያለፈ መሆኑ ይታያል።

ከሁሉ በላይ ጠቃሚው ውሳኔ ሁለቱ ሰዎች አብረው በአንድ ፍሬም (ካሜራው በሚያሳየው የምስል ክልል) ውስጥ የሚታዩት መቼ ነው የሚለው ነው። ከመጀመሪያው አብረው ከታዩ ርቀታቸው አይሰማም። በመጀመሪያው ቀን እርሱ ለብቻው፣ እርስዋም ለብቻዋ ትቀረጽ፤ በሁለተኛው ቀን የእርስዋ ትከሻ ወይም እጅ ወደ እርሱ ፍሬም ጥቂት ይግባ፤ ሁለቱም በሙሉ በአንድ ፍሬም የሚታዩት በመጨረሻው ትዕይንት ብቻ ይሁን። ለየብቻ ሲቀረጹ ካሜራው በሁለቱ መካከል ከሚታሰበው መስመር በአንድ ወገን ብቻ መቆም አለበት፤ መስመሩን ከተሻገረ የሚተያዩ ሰዎች ሁለቱም ወደ አንድ አቅጣጫ የሚያዩ ይመስላሉ፤ ያለ ድምፅ ደግሞ ይህን ስሕተት የሚያቃና ነገር የለም።

ትወና

ብዙ ሰው የድምፅ አልባ ፊልም ትወና ሲባል ደረት መምታትና ዓይን ማፍጠጥ ይመስለዋል። ይህ በጣም የቆዩትን ሥራዎች በተወሰነ ደረጃ ይገልጽ ይሆናል፤ እ.ኤ.አ. የ1920ዎቹን ታላላቅ ድራማዎች ግን አይገልጽም። ተዋናዩ ቃላትን በእጅ ምልክት እንዲተረጉም ፈጽሞ አይጠየቅ። «ነገ ነይ» ለማለት ልብስ ሰፊው በጣቱ አየር ላይ ክብ ከሚሠራ ካፖርቱን ከፍ አድርጎ አዝራር የሌለበትን ቦታ ቢያሳያት ይሻላል፤ ምልክቱ ከሥራው መውጣት አለበት።

ለተዋናዩ የሚሰጠው መመሪያ ስሜትን የሚጠራ ሳይሆን ሥራን የሚያዝ ይሁን። «እዘን» ከተባለ ፊቱን ያጨማድዳል። «እርስዋ እንዳታይህ ጠብቀህ ወደ በሩ ተመልከት፤ ከዚያም መርፌውን ፈልግ» ከተባለ ሐዘኑ በራሱ ይመጣል። ሩሲያዊው ሌቭ ኩሌሾቭ የተዋናዩን ኢቫን ሞዡኪንን አንድ ዓይነት ፊት ከሾርባ ሳህን፣ ከሬሳ ሣጥንና ከሌላ ምስል ጋር እያፈራረቀ በማያያዝ ያደረገው ሙከራ በፊልም ትምህርት ውስጥ የታወቀ ነው፤ ፊቱ ሳይለወጥ ትርጉሙ ከጎኑ በመጣው ምስል ይለወጣል። ስለዚህ ተዋናዩ ባዶውን ወንበር ሲያይ ፊቱ ጸጥ ያለ ቢሆን አያስፈራ፤ ወንበሩ የፊቱን ሥራ ይሠራለታል።

አዘጋጁ አንድ ትልቅ ዕድል አለው፤ ድምፅ ስለማይቀረጽ ካሜራው እየሠራ ሳለ ከተዋናዩ ጋር መነጋገር ይችላል። «ቆይ፤ ገና አትዙር፤ አሁን በሩ ተንኳኳ» እያሉ መምራት ልምድ ለሌለው ተዋናይ ታላቅ እርዳታ ነው። በድምፅ አልባው ዘመን በቀረጻ ቦታ ሙዚቀኞች ተቀምጠው ለተዋንያኑ ይጫወቱላቸው ነበር፤ ዛሬም ሙዚቃ ከፍቶ መቅረጽ የተዋናዩን እስትንፋስና እርምጃ ያስተካክላል።

የጽሑፍ ካርዶች

በትዕይንቶች መካከል የሚገቡ የጽሑፍ ካርዶች ከአምስት ባይበልጡ ጥሩ ነው፤ ያለ ካርድ መሥራት ከተቻለ ደግሞ ይበልጥ ጥሩ። ፍሪድሪኽ ቪልሄልም ሙርናው እ.ኤ.አ. በ1924 «የመጨረሻው ሰው»ን ሲሠራ በፊልሙ መጨረሻ አካባቢ ካስገባት አንዲት ማብራሪያ በስተቀር ታሪኩን ያለ ካርድ ተርኮታል፤ ክብሩን የተነጠቀ የሆቴል በረኛ ሐዘን ለመረዳት ማንም ቃል አላስፈለገውም። ካርድ የሚገባ ከሆነ ጊዜን ወይም ሊታይ የማይችል ፍሬ ነገርን ይንገር፤ ስሜትን ግን አይንገር። «ብቸኝነቱ በረታበት» የሚል ካርድ የገባበት ፊልም ተሸናፊነቱን በጽሑፍ ያመነ ነው። ካርዱ በስክሪን ላይ የሚቆየው ጮክ ተብሎ በቀስታ ሁለት ጊዜ እስኪነበብ ያህል ይሁን።

ፍጥነትና ቀለም

የጥንት ካሜራዎች በእጅ የሚዞሩ ስለነበሩ ፍጥነታቸው ይለያይ ነበር፤ በሰከንድ ከ16 ፍሬም (እዚህ ላይ ፍሬም ማለት አንድ ነጠላ ምስል ነው) አካባቢ ጀምሮ እስከ 24 ድረስ ይደርስ ነበር። 24 ፍሬም መደበኛ የሆነው ድምፅ ከመጣ በኋላ ነው። እነዚያ ፊልሞች ከተቀረጹበት በበለጠ ፍጥነት ሲታዩ ሰዎቹ የሚንቀጠቀጡና የሚሯሯጡ ይመስላሉ። ይህን መልክ «የዘመኑ ጣዕም» ብሎ መኮረጅ ድራማን ይገድላል፤ በ24 ወይም በ25 ፍሬም ቀርጾ በዚያው ፍጥነት ማሳየት ይገባል። የተጫረ ፊልም የሚመስል ሰው ሠራሽ ጭረትም ይቅር።

በጥቁርና ነጭ የሚቀረጽ ከሆነ ልብሱና ግድግዳው በቀለም ዓይነት ሳይሆን በድምቀታቸው መጠን ይመረጡ፤ ቀይና አረንጓዴ በዓይን እጅግ ቢለያዩም በጥቁርና ነጭ አንድ ዓይነት ግራጫ ሊሆኑ ይችላሉ። ካፖርቱ ጠቆር ያለ፣ ክሩ ነጣ ያለ ቢሆን ስፌቱ ይታያል። በዚያ ዘመን ለሌሊት ሰማያዊ፣ ለመብራት ብርሃን ደግሞ ቢጫማ ቀለም ሙሉ ትዕይንቱን ማቅለም የተለመደ ነበር፤ ልብስ ሰፊው ክሩን የሚበጥስባቸውን ሌሊቶች ከቀኑ ለመለየት ይህ ዘዴ ዛሬም ያገለግላል።

ኤዲቲንግ

ለኤዲተሩ የሚሰጠው ዋና ምክር ሾቶቹን ጥቂት ማስረዘም ነው። ድርጊቱ ካለቀ በኋላ የሚቀሩት ሁለትና ሦስት ሰከንዶች በሌላ ፊልም ትርፍ ናቸው፤ እዚህ ግን ሴትዮዋ ወጥታ በሩ ከተዘጋ በኋላ ሰውየው ያለበት ቤት የሚሰማው በእነዚያ ሰከንዶች ነው። ሦስቱን ቀኖች በአንድ ዓይነት ሾት መክፈትም ኤዲተሩ ካሜራ ማኑን አስቀድሞ ሊጠይቀው የሚገባ ነው፤ ለውጥ የሚታወቀው የማይለወጥ ነገር ሲኖር ነውና። ሌሊቶቹ ግን እያጠሩ ይሂዱ። የመጀመሪያው ሌሊት፣ ማመንታቱና መመለሱ ሳይቀር፣ ሙሉ በሙሉ ይታይ፤ ሁለተኛው መቀሱንና ክሩን ብቻ ያሳይ፤ ሦስተኛው ከነጭራሹ አይታይ፤ ጠዋት አዝራሩ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ ይገኝ።

የመጨረሻው ትዕይንት በዚህ ሁሉ ላይ የተመሠረተ ነው። ሴትዮዋ ካፖርቱን ራስዋ ታነሣና ወደ ብርሃኑ ታቀርበዋለች፤ አዝራሩ በነበረበት ቦታ ጨርቁ በመርፌ ተደጋግሞ ተበስቷል። ትረዳለች። እርሱም እንደተረዳች ያውቃል። እዚህ ላይ ተዋናይቱ ፈገግ ለማለት መቸኮል የለባትም፤ ለጥቂት ሰከንድ ልትቆጣ እንደምትችል እንዲሰማን ያስፈልጋል፤ ያ አደጋ ከሌለ ይቅርታው ዋጋ የለውም። ከዚያ መቀሱን ታነሣለች፤ ከታች ያለውን ጤነኛ አዝራር ትቆርጥና ጠረጴዛው ላይ ታስቀምጠዋለች፤ ወንበሩም ላይ ትቀመጣለች። ሁለቱ በአንድ ፍሬም ውስጥ የሚታዩት ያኔ ነው። መተቃቀፍም ሆነ እንባ ከተጨመረ ይበላሻል።

ሙዚቃ

ቻፕሊን እ.ኤ.አ. በ1931 «የከተማ ብርሃናት»ን ሲያወጣ የንግግር ፊልም ገበያውን ከያዘ ቆይቶ ነበር፤ እርሱ ግን ንግግር ሳያስገባ፣ ራሱ በደረሰው ሙዚቃ አጅቦ አቀረበው። ሙዚቃ በዚህ ዘውግ ውስጥ ይህን ያህል ክብደት አለው፤ ስለዚህም በቀላሉ አዛዥ ሊሆን ይችላል። አንድ ብቸኛ መሣሪያ ለትንሽ ፊልም ይበቃል። ሙዚቃው ከድርጊቱ ትንሽ ወደ ኋላ ይቅር፤ ሰውየው መቀሱን ከማንሣቱ በፊት ሙዚቃው ካዘነ ለተመልካቹ ቀድሞ ነግሮታል። ሴትዮዋ የመርፌውን ቀዳዳዎች በምታይበት ጊዜ ደግሞ ሙዚቃው ፈጽሞ ይቁም። እስከዚያ ድረስ ያለማቋረጥ የተሰማ ሙዚቃ ድንገት ሲቆም አዳራሹ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ይነቃል።

የመጀመሪያው ማሳያ

ፊልሙ ተቀናብሮ ሲያልቅ ታሪኩን ለማያውቁ ጥቂት ሰዎች ያለ ሙዚቃ ይታይ። ከዚያ «ወደዳችሁት?» ተብለው አይጠየቁ፤ «ሰውየው ክሩን ለምን በጠሰው?» ተብለው ይጠየቁ። «ሥራው ስላልጣመው» ካሉ የመጀመሪያው ስፌት እንከን የለሽ መሆኑ በቅጡ አልታየም። «ተጨማሪ ገንዘብ ፈልጎ» ካሉ የወንበሩ ለውጥ አልታያቸውም፤ ወይም እርስዋ ከወጣች በኋላ ያለው ሾት አጥሯል። ሁለቱም በካርድ ሊጠገኑ አይገባም። የእጅ፣ የመርፌና የአዝራር ሾቶች ሙሉ ቡድን ሳይሰበሰብ፣ በአንድ መብራትና በአንድ ጠረጴዛ እንደገና ሊቀረጹ ይችላሉ፤ ስለዚህ ካፖርቱ፣ ክሩና መቀሱ ፊልሙ የመጨረሻ መልኩን እስኪይዝ ድረስ እንደነበሩ ሊቀመጡ ይገባል።